«ሁለት ልብ»፦ የአንድ ቁጥር ታሪክ በራያ ቆላ

የቆቦ ከተማ ከወልድያ በስተሰሜን 50 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ ትገኛለች። በምዕራብ ወደ ላስታ በሚያወጣው አቀበትና በምሥራቅ በዞብል ተራራ መካከል የተንጣለለው ሜዳ ገበያ ናት። በዚህ ገበያ አንዱ ቁጥር በአራት አፍ ሲጠራ ይሰማል። አማርኛ ተናጋሪው «ሁለት» ሲል፣ ከሰሜን የወረደው የትግርኛ ተናጋሪ «ክልተ» ይላል፤ የራያ ኦሮሞ «ላማ»፣ ከዞብል ባሻገር ፍየሉንና ግመሉን ነድቶ የመጣው አፋር ደግሞ «ናማይ» ይለዋል። ፍየሎቹ በማንኛውም አፍ ቢቆጠሩ ያው ሁለት ናቸው። ሻጭና ገዥ ግን የሌላውን ቋንቋ ባይሰሙ ኖሮ ገበያው አይቆምም ነበር። ይሁን እንጂ ሁለት አፍ መቻል በገበያ ሀብት የመሆኑን ያህል፣ በአማርኛ «ሁለት አፍ አለው» መባል ስድብ ነው። አንድ ቁጥር በአንድ በኩል ሀብት፣ በሌላ በኩል ነውር ሊሆን የቻለበት ምክንያት በቃላት መዝገብ ብቻ ተፈልጎ አይገኝም። ቃሉን የተናገረው ሰው በምን ላይ ቆሞ እንደ ተናገረው መመርመር ያስፈልጋል።

የቃሉ ትውልድ ግልጽ ነው። የግዕዙ «ክልኤቱ» በትግርኛ «ክልተ» ሆኖ ክ-ን እንደ ያዘ ቀርቷል፤ በአማርኛ ግን ክ-ው ወደ ኸ፣ ኸ-ውም ወደ ሀ ላልቷል። የቀድሞዎቹ ሊቃውንት ይህን የድምፅ ጉዞ ያውቁ ስለ ነበር ቃሉን «ኹለት» ብለው ይጽፉት ነበር፤ በ1962 የታተመው የደስታ ተክለ ወልድ መዝገበ ቃላትም ይህንኑ አጻጻፍ ጠብቋል። ከዚሁ ከግዕዙ ግንድ «ካልእ» የሚለው ቃል ወጥቷል፤ ትርጉሙም «ሁለተኛ» ነው፣ «ሌላ»ም ነው። በዚህ አቆጣጠር ሌላው ሰው ሁልጊዜ ሁለተኛው ነው ማለት ነው። ምልክቱ ፪ ደግሞ ከግሪኩ ፊደል ከቤታ የተወሰደ ሲሆን በአክሱም ዘመን ወደ አገራችን የገባ ነው።

ቃሉ በምስጋና የሚነሣበት የመጀመሪያው ቦታ እርሻ ነው። በሬ ብቻውን አያርስም፤ ሁለት ሲሆን ብቻ ነው የእርሻ ጉልበት የሚሆነው። ከጥንዱ አንደኛው ለሌላው «ቅንጃ» ይባላል፤ አንድ በሬ ብቻ ያላቸው ሁለት ገበሬዎች በሬዎቻቸውን አጣምደው በየተራ የሚያርሱበት ስምምነትም «መቀናጆ» ይባላል። መሬቱ ራሱ በጥንዱ ይለካል፤ «ጥማድ» ማለት ጥንድ በሬ በአንድ ቀን የሚያርሰው መሬት ሲሆን ከሄክታር ሩብ ያህል ይደርሳል። አንዱ በሬ የሞተበት ገበሬ ከሀብቱ ግማሹን አጣ አይባልም። ሁለተኛው በሬ ካልተተካ ወይም መቀናጆ ካልተገኘ የቀረው አንዱ አያርስለትምና ሁሉንም አጥቷል። በፖለቲካ ቋንቋ እጅግ የተለመደው «ቅንጅት» ከዚህ ከበሬ ቀንበር የተገኘ ቃል መሆኑን፣ በ1997 የምርጫ ወራት ቃሉን ከጠዋት እስከ ማታ ሲያነሡ ከነበሩት የከተማ ሰዎች ስንቶቹ ያስታውሱት ነበር? በዚሁ እርሻ ላይ ግን ሁለት የሚከፍል ቁጥርም ነበር። የየካቲት 25 ቀን 1967 የመሬት አዋጅ እስኪወጣ ድረስ ምርቱን ለሁለት ገምሶ ግማሹን ለባለ መሬቱ ያስረክብ የነበረው ጪሰኛ አራሽነቱ «የእኩል» ይባል ነበር። ስሙ እኩል ይሁን እንጂ ዘሩን፣ በሬውንና ላቡን ማን እንዳወጣ ላየ ሰው ክፍፍሉ እኩል አልነበረም።

የራያ ቆላ ዝናብም ሁለት ነው። በልጉ ከየካቲት እስከ ሚያዝያ፣ ክረምቱ በሐምሌና በነሐሴ ይዘንባል። ገበሬው በሚያዝያ ርጥበት ጅጉርቲን የመሰለውን ዘግይቶ የሚደርስ ማሽላ ይዘራል፤ ማሽላው ሜዳው ላይ ሰባት ወር ያህል ቆይቶ ኅዳርና ታኅሣሥ ላይ ይታጨዳል። በልጉ ከቀረ ወይም ቡቃያው ከደረቀ ግን ነገሩ በዚያ አያበቃም፤ መሬቱ እንደ ገና ይታረስና በሐምሌ ቶሎ የሚደርስ ጤፍ ይዘራበታል። ከዚህም በላይ መሬቱ ሁለት ጊዜ ይጠጣል። አንዱ ከላይ የሚወርደው ዝናብ ሲሆን፣ ሌላው ደጋ ላይ ዘንቦ በጎሊናና በሆርማት ወንዞች የሚወርደው ጎርፍ ነው፤ ገበሬው ጎርፉን በአፈርና በቅርንጫፍ እየጠለፈ ወደ ማሳው ያስገባዋል። «ሁለት ባላ ትከል፣ አንዱ ቢሰበር በአንዱ ተንጠልጠል» የሚለው ተረት በመላው አገር የሚነገር ቢሆንም፣ በዚህ ሜዳ ምክር መሆኑ ቀርቶ የእርሻ አሠራር ሆኗል ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ተረቱ የማይናገረው፣ ሁለቱም ባላዎች በአንድ ዓመት የተሰበሩ እንደ ሆነ ምን እንደሚደረግ ነው። በ1965 ወሎ ላይ የደረሰው ረኃብ ይህን ጥያቄ ጠይቆ ነበር፤ ንጉሠ ነገሥታዊው መንግሥት ረኃቡን ደብቆ አለፈው፣ በዓመቱም ራሱ ወደቀ። በ1976 በልጉ ቀረ፤ ክረምቱም ተከትሎ ቀረ። በጥቅምት 1977 ጋዜጠኛው ማይክል ቡርክና ካሜራ አንሺው መሐመድ አሚን ከቆቦ በስተሰሜን ካለችው ከኮረም የላኩት ሥዕል ዓለምን ሲያስደነግጥ፣ ከተማዋ ከየአቅጣጫው በመጣ ረኃብተኛ ተሞልታ ነበር። አማርኛ ለዚህ ሁኔታ አጭር ቃል አለው፤ «ከሁለት ያጣ» ይላል። በከተማ ይህ አባባል ሁለት ሥራ ወይም ሁለት ወዳጅ ሲያማርጥ ከሁለቱም ለቀረ ሰው ቀልድ ነው። በራያ ሜዳ በ1977 ግን የሚያስቅ አልነበረም።

በቤት ውስጥም ሁለት የተከበረ ቁጥር ነው። ያረገዘች ሴት ሁለት ነፍስ ናት ይባላል፤ በደኅና ስትወልድ «ተገላገለች» ይባላል። «ገላገለ» ማለት የተጣሉትን ሁለት ሰዎች መካከል ገብቶ ለያየ ማለት ነውና፣ ቋንቋው ልደትን እንደ እርቅ አይቶታል። በቆቦ አካባቢ «ዘወልድ» በመባል የሚታወቁት አስታራቂ ሽማግሌዎች በደም የተፈላለጉትን ሁለት ወገኖች ለማስማማት ሲቀመጡ የሚሠሩት ሥራም መገላገል ነው። ሽማግሌው «ሁለት ጠጉር ያበቀለ» ነው፤ ጥቁሩና ነጩ በአንድ ራስ ላይ መገኘታቸው ሁለት ዘመን ለማየቱ ምስክር ነው። ለእንዲህ ያለው ሰው የሚሰጠው ጽዋ በሁለት እጅ ይሰጣል፤ እርሱ የሚሰጠውም በሁለት እጅ ይቀበላሉ። በአንድ እጅ መቀበል ብልግና ነው።

ከዚህ ሁሉ በኋላ ወደ «ሁለተኛ» ሲመጡ ቃሉ ፊቱን ያዞራል። «ሁለተኛ» የተራ ቁጥር ነው፤ ከአንደኛ ቀጥሎ የሚመጣውን ያመለክታል። አፍራሽ ግሥ ሲከተለው ግን የተራ ቁጥርነቱ ይጠፋና «ከእንግዲህ ፈጽሞ» የሚል ትርጉም ይይዛል። «ሁለተኛ እዚያ ደጅ አልደርስም» ያለ ሰው የሚቆጥረው ነገር የለም፤ በሩን እየዘጋ ነው። «ሁለተኛ እንዳላይህ» የጌታ ቃል ነው፤ «ሁለተኛ አይለምደኝም» ደግሞ የተቀጣ ልጅ ቃል ነው። መምህራን የሆኑ አንባቢዎች ይህን ሁለተኛውን ዐረፍተ ነገር ከማንም በላይ ያውቁታል፤ በአርጩሜው ዘመን ስንት ሺህ ጊዜ እንደ ተነገረ የሚያውቅ የለም። ሦስተኛ ወይም አራተኛ የሚሉት ቃላት ይህን ኃይል አላገኙም። የአማርኛ ተናጋሪ ማኅበረሰብ ስሕተትን አንድ ጊዜ ይታገሣል፤ ሁለተኛውን ግን አስቀድሞ ይከለክላል። «ደገመ» የሚለው ግሥም ከዚህ ጠባይ አልራቀም፤ ንግግርን ሁለተኛ ማለት ነው፣ ጸሎት ማድረስም ነው፣ በሰው ላይ ሲሆን ግን «ድግምት» ይሆናል።

ስድቦቹ የሚመጡት ከዚህ ወገን ነው። «መንታ ምላስ»፣ «ሁለት ፊት»፣ «ሁለት ልብ» ሁሉም የሚናገሩት አንድ ክስ ነው፤ ሰውየው በአንድ ጌታ፣ በአንድ ሃይማኖት፣ በአንድ ቃል አልረጋም የሚል ነው። «ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ ላይ አይወጣም» የሚለው ተረትም የዚሁ ወገን ነው። እርሻው ሁለት ባላ እንዲተክል ያዘዘውን ያንኑ ገበሬ፣ ችሎቱ በሁለት ዛፍ ላይ ወጥተሃል ብሎ ይከሰዋል። ልዩነቱ የቆመበት ቦታ ነው። ሁለት ባላ የሚተክለው ለሕይወቱ ዋስትና የሚፈልገው ሰው ሲሆን፣ አንድነቱን የሚጠይቀው ግብር፣ ሠራዊትና ታማኝነት የሚሰበስበው ክፍል ነበር።

ይህ ጥያቄ በወሎ ምድር እጅግ ጎልቶ የተሰማው በ1870 በደሴ አጠገብ በሚገኘው በቦሩ ሜዳ ነው። ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ፣ የሸዋው ንጉሥ ምኒልክና ሊቃውንቱ በተሰበሰቡበት በዚያ ጉባኤ ክርክሩ በቁጥር ላይ ነበር። አንደኛው ወገን ክርስቶስ ሁለት ልደት አለው፤ ከአብ ያለ እናት፣ ከድንግል ያለ አባት ተወልዷል ይል ነበር። የ«ጸጋ ልጅ» ወገን በመንፈስ ቅዱስ መቀባቱን ሦስተኛ ልደት አድርጎ ይቆጥር ነበር። የሁለት ልደት ወገን አንዱን ልደት ቆርጦ ጣለ ተብሎ በባላጋራዎቹ «ካራ» የሚል ስም ወጥቶለት ነበር፤ ስለት ማለት ነው። ጉባኤው ለሁለት ልደት ፈረደ። ነገሩን የሚያከብደው ግን ይኸው ወገን ስለ ባሕርይ ሲጠየቅ «አንድ» ማለቱ ነው፤ ምክንያቱም በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ451 በኬልቄዶን የታወጀውን «ሁለት ባሕርይ» የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን የምታወግዘው ነውና። ስለዚህ የወሎ ካህን በልደት ላይ ሁለት፣ በባሕርይ ላይ አንድ ብሎ መቁጠር ነበረበት። ቁጥሩን ያዛባ በነፍሱም በሹመቱም ይጎዳ ነበር።

በዚያው ጉባኤ የወሎ እስላሞች እንዲጠመቁ ተወሰነ። ኢማም መሐመድ አሊ ተጠምቀው ሚካኤል ተባሉ፤ በኋላ ራስ፣ በ1906ም ንጉሥ ሆነዋል። አመዴ አባ ዋጠው ኃይለ ማርያም ተባሉ። ተራው ሕዝብ የተቀበለውን ስም በቀን ይዞ፣ የአባቱን ስግደት በሌሊት መስገዱን ቀጠለ፤ «ቀን ክርስቲያን፣ ሌሊት እስላም» የተባለውም ስለዚህ ነው። እንቢ ያሉትም ነበሩ፤ ሸኽ ጠልሃ ቢን ጃዕፈር መሣሪያ አንሥተው ተዋግተዋል። «ቀንና ሌሊት» የሚለውን አባባል ብዙዎች የወሎን ሰው ለማማት ሲጠቀሙበት ኖረዋል። ሁለተኛውን ስም ለወሎ ሰው የሰጠው ማን እንደ ሆነ ግን ሐሜቱ አያነሣም። ሰውየው ሁለት የሆነው በአዋጅ ነው። የንጉሥ ሚካኤል ልጅ ልጅ ኢያሱ በመስከረም 17 ቀን 1909 ከሥልጣን ሲወርዱ ከቀረበባቸው ክስ ዋነኛው ወደ እስልምና አዘንብለዋል የሚል ነበር፤ በእናታቸው የምኒልክ፣ በአባታቸው የወሎ ቤት መሆናቸው አንድ ዓይነት ጥርጣሬ ሆኖ ከዙፋን እስከ መውረድ ተከትሏቸዋል።

የራያ ሕዝብ ይህ ክስ የተነገረበት ሌላው ምዕራፍ ከ1920 ጀምሮ ያለው ነው። ራያና አዘቦ በአዲስ አበባው መንግሥት ላይ አመፁ፤ አመፁን እንዲያበርዱ የታዘዙት የበጌምድሩ ራስ ጉግሣ ወሌ ከአመፀኞቹ ጋር ተመሳጥረዋል ተብለው ተጠረጠሩ፣ መጨረሻቸውም በመጋቢት 22 ቀን 1922 በአንቺም ሆነ። በኋላ የመጣው የቅጣት ዘመቻ በሜዳው ላይ ቂም ጥሎ ሄደ። ከዚያ ልክ በ6 ዓመቱ፣ በመጋቢት 22 ቀን 1928፣ የንጉሠ ነገሥቱ ሠራዊት ማይጨው ላይ ተሸነፈ፤ በአሸንጌ ሐይቅ አጠገብ ሲያፈገፍግም ጣሊያን ብርና ጠብመንጃ ያደላቸው የራያና የአዘቦ ሰዎች ከኋላው ወጉት። ድርጊቱ ብዙ ወገን ያስጨረሰ ነውና ማስተባበያ አይገኝለትም። ይሁንና «ከሃዲ» ብሎ መጻፍ የ6 ዓመቱን ቂም አይገልጸውም። ታሪክ ጸሐፊዎች የራያን ልብ ሁለት ብለው ሲቆጥሩ፣ የአንቺሙንና የማይጨውን መጋቢት 22 አንድ ላይ አስቀምጠው የቆጠሩት ጥቂቶች ናቸው።

ከ1966 ወዲህ ክሱ አዲስ ልብስ ለበሰ። በካድሬው አነጋገር «ሁለት ልብ» የሚለው የድሮ ቃል ለ«ወላዋይ»፣ ለ«አድርባይ» እና ለ«መሃል ሰፋሪ» ቦታውን ለቀቀ። የሦስቱም ፍሬ ነገር ያው ነው፤ በ1969 እና በ1970 ግን መሃል ሰፋሪ መባል በሐሜት የሚቀር ነገር አልነበረም፣ ሕይወት ያስከፍል ነበር። የዚያው ዘመን ሌላ ሥራ በተቃራኒው ቆሟል። በ1971 የተጀመረው ብሔራዊ የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ እየሰፋ ሄዶ በ15 ቋንቋዎች ሲያስተምር አማርኛ፣ ትግርኛ፣ ኦሮምኛና አፋርኛ ከነዚህ ውስጥ ነበሩ። በቆቦ ገበያ «ሁለት» የሚባልባቸው አራቱም አፎች በመማሪያ መጽሐፍ ገቡ ማለት ነው።

የከተማው ቋንቋ ከዚህ ሁሉ ክብደት የተላቀቀ ይመስላል። «አንድ ሁለት እንበል» ያለ ሰው ወደ መጠጥ ቤት እየጋበዘ ነው፤ ሁለት ማለቱ ግን የብርጭቆውን ቁጥር እንደማይወስን ጋባዡም ተጋባዡም ያውቃሉ። «አንድ ሁለት ሳይል» ማለት ሳያመነታ ማለት ነው። «በሁለት ቢላ ይበላል» የሚባለው ከሁለት ወገን የሚጠቀም ሰው ሲሆን፣ የድሮው የሁለት ልብ ክስ ወደ ቢሮና ወደ ንግድ መግባቱን ያሳያል። በ1990ዎቹ መጨረሻና በ2000ዎቹ «ባለ ሁለት አሃዝ ዕድገት» በየዜናው ሲነገር፣ ሕዝቡ ሐረጉን ኪሱን እየዳበሰ ይቀልድበት ነበር። እነዚህ ቃላት ረጅም ዕድሜ ይኖራቸዋል ማለት ያስቸግራል።

ሜዳው ራሱ ሁለት መባሉ ግን ቀልድ አይደለም። በንጉሠ ነገሥቱና በደርግ ዘመን «ራያና ቆቦ» በወሎ፣ «ራያና አዘቦ» በትግራይ ሁለት አውራጃዎች ነበሩ። ከ1984 በኋላ በተደረገው አከላለል አላማጣና ኮረም ወደ ትግራይ ክልል ተጠቃለሉ፤ ቆቦ በአማራ ክልል ሰሜን ወሎ ቀረች። በ2013 የተነሣውና እስከ 2015 የዘለቀው ጦርነት በዚህ ወሰን ላይ ደጋግሞ አልፏል፤ የወሰኑም ነገር ከጦርነቱ በኋላ ክርክር ሆኖ ቀጥሏል። በአማርኛ «ለሁለት ተከፈለ» የሚባለው ዳቦም ነው፣ ርስትም ነው፣ ቤተሰብም ነው። በአላማጣና በቆቦ ዘመድ ያለው ሰው ቃሉን የሚሰማው በሦስተኛው ትርጉም ነው።

ከያኔው ግን ከሁለትነት ጋር ተጣልቶ አያውቅም። በችሎት መንታ ምላስ የሚያስቀጣውን ያህል በቅኔ ሰምና ወርቅ ያስመሰግናል። «ኅብረ ቃል» ማለት በአንድ ድምፅ ሁለት ነገር የያዘ ቃል ነው፤ «ገና» የልደት በዓል ሆኖ ሳለ «ጊዜው አልደረሰም» ማለትም እንደሚሆነው ማለት ነው። ጌታው በተቀመጠበት ግብዣ ላይ አዝማሪው ሰሙን ለጌታው፣ ወርቁን በር አጠገብ ለቆመው ሲሰጥ፣ ሁለት ልብ ነው ብሎ የከሰሰው የለም፤ ቢከሰስም ሰሙ ዋስ ይሆነዋል። በወሎ ደግሞ ጥበቡ ከሁለት ትርጉም አልፎ ሁለት ቋንቋ ሆኗል። የወሎ ሸኾች መንዙማን በዓረብኛና በአማርኛ ገጥመው፣ አማርኛውን በዓረብኛ ፊደል ጽፈው አቆይተዋል። ዓረብኛውን ያልተማረ ገበሬ አማርኛውን ይሰማል፣ የተማረው ሁለቱንም ያዳምጣል፤ ድቤው ሲመታ ግን ተቀባዮቹ የሚመልሱት አብረው ነው።